አክተሩ አይሞትም፤ ከታች ያለውስ?

ሲኒማ ቤት እየገባ ያደገ የከተማ ልጅ ሁሉ ማንም ሳያስተምረው የሚያውቀው አንድ ሕግ አለ፤ «አክተሩ አይሞትም»። ጥይት እንደ በረዶ ቢወርድበት፣ ድልድይ ቢደረመስበት፣ አውሮፕላኑ ከነእሳቱ ወደ ገደል ቢወረወር አይሞትም። አጠገባችን የተቀመጠው ልጅ ሲጨነቅ «አይዞህ፣ አክተሩ እኮ ነው» እንለዋለን፤ እሱም ይጽናናል። «አክተር» የሚለው የባዕድ ቃል በአማርኛችን ተዋናይ ማለት መሆኑ ቀርቶ የማይሞተው ሰውዬ ማለት ሆኗል። ለመሆኑ ይህን ሕግ ያወጣው ማን ነው? ሕጉስ የሚሠራው ለማን ነው? ከአውሮፕላኑ ሥር፣ መሬት ላይ ያለውንም ሰው ይጨምራል?

ሕጉ የጸናው በተከታታይ ፊልም ዘመን ነው። ያኔ ተከታታይ ፊልም ማለት ዛሬ ቤታችን ቁጭ ብለን በቴሌቪዥን የምናየው ዓይነት አልነበረም። ሰው በየሳምንቱ ሲኒማ ቤት ድረስ እየሄደ፣ ሃያ ደቂቃ ገደማ የሚፈጅ አንድ ክፍል የሚያይበት ታሪክ ነበር። ክፍሉ የሚያበቃው ነገሩ ሲበርድ ሳይሆን ሲግል ነው፤ አክተሩ ገደል አፋፍ ላይ ተንጠልጥሎ «ይቀጥላል» ይባላል። ተመልካች ሳምንቱን ሙሉ ሲያሰላስል ሰንብቶ ሲመለስ፣ አክተሩ ከአደጋው አንድ ደቂቃ ቀደም ብሎ ዘሎ ወርዶ ኖሯል። እ.ኤ.አ. በ1914 ፐርል ዋይት የተጫወተችበት «የፖሊን መከራዎች» ከዘመኑ ታዋቂ ተከታታይ ፊልሞች አንዱ ነው። ዘዴው የሥነ ጽሑፍ ብቻ አይደለም፤ የንግድም ነው። አክተሩ ከሞተ የመጪው ሳምንት ትኬት አይሸጥም።

አውሮፕላን ደግሞ ለዚህ ንግድ የተፈጠረ መሣሪያ ሆኖ ተገኘ። ሲኒማና አውሮፕላን የአንድ ዘመን ልጆች ናቸው። የሉሚየር ወንድማማቾች ፓሪስ ላይ ፊልም ለሕዝብ ያሳዩት እ.ኤ.አ. በ1895፣ የራይት ወንድማማቾች በሞተር የበረሩት በ1903 ነው። በ1921 «የሰማዩ ዘብ» የተባለው ባለ 15 ክፍል ፊልም ወጣ። በ1934 ከጋዜጣ የሥዕል ታሪክ የተወሰደው «ቴልስፒን ቶሚ» በ12 ክፍል፣ በ1936 «ኤስ ድራመንድ» በ13 ክፍል ተከተሉ። አውሮፕላን ይወጣል፣ ይገለበጣል፣ ይቃጠላል፣ ይወድቃል፤ ጭንቀት ለሚሸጥ ሰው ከዚህ የበለጠ ምን ሸቀጥ አለ? ሕጉ የማይሠራው ከፊልሙ ውጭ ነበር። ከአንዱ አውሮፕላን ክንፍ ወደ ሌላው በመዝለል የታወቀው ኦርመር ሎክሊር በ1920 ፊልም ሲቀረጽ ተከስክሶ ሞተ፤ ድርጅቱም ፊልሙን አጣድፎ ለገበያ አቀረበው።

ይህ ሁሉ እኛን ምን አገባን የሚል አንባቢ ይኖራል። ያገባናል። ከሰማይ ጀብዱ ፊልሞች መካከል በዘመኑ ከፍተኛ ሽልማት ያገኘው አንዱ ታሪኩን የሚፈጽመው በኛው ሰማይ ላይ ነው። ስሙ «ሉቺያኖ ሴራ፣ አብራሪ» ይባላል፤ እ.ኤ.አ. በ1938 የወጣ የጣሊያን ፊልም ነው። በየሳምንቱ የሚታይ ተከታታይ ፊልም አይደለም፤ አጥንቱ ግን የተከታታይ ፊልም አጥንት ነው። ስለሱ ከመናገራችን በፊት ግን ያ ሰማይ ያኔ ምን ይመስል እንደነበር እናስታውስ።

ያልተቀረጸው ጀብዱ

ሆሊውድ የሰማይ ጀብዱን በእንጨትና በቀለም ሲፈጥር፣ እዚህ እውነተኛው ጀብዱ ይካሄድ ነበር። የመጀመሪያው አውሮፕላን አዲስ አበባ የደረሰው ነሐሴ 12 ቀን 1921 ዓ.ም. ነው፤ ፈረንሳይ ሠራሽ ፖቴዝ 25፣ ነጂው አንድሬ ማዬ። ብዙም ሳይቆይ አባቱ ሩሲያዊ እናቱ ኢትዮጵያዊት የሆኑት ሚሽካ ባቢቼፍና አስፋው አሊ የበረራ ፈቃድ በማግኘት የመጀመሪያዎቹ ኢትዮጵያውያን ሆኑ። ትሪኒዳድ ተወልዶ ኒውዮርክ ውስጥ በፓራሹት ዝላይ ስሙን ያስጠራው «የሃርለም ጥቁር ንስር» ሁበርት ጁሊያንም መጣ። በ1923 ዓ.ም. የንግሥ በዓሉ ሊከበር ጥቂት ሲቀረው የንጉሠ ነገሥቱን አውሮፕላን ከሰከሰና ከአገር ተባረረ። በ1927 ዓ.ም. ደግሞ ከቺካጎ ጆን ሮቢንሰን መጣ። ይህ ሰው የትንሿን አየር ኃይላችንን ኃላፊነት ተረክቦ፣ መሣሪያ በሌለው አውሮፕላን በአዲስ አበባና በጦር ግንባሩ መካከል መልእክትና ሰው አመላልሷል። ከነፃነት በኋላም ተመልሶ ኢትዮጵያውያን አብራሪዎችን አሠለጠነ፤ በመጨረሻም በ1946 ዓ.ም. አዲስ አበባ ላይ በደረሰበት የአውሮፕላን አደጋ ሕይወቱ አለፈ።

አንባቢ ሆይ፣ አሥራ ሁለት ክፍል ከዚህ አይወጣም? ይወጣል። ነገር ግን የዘመኑ የአሜሪካ ተከታታይ ፊልም ጥቁር ሰው አውሮፕላን ላይ አስቀምጦ «አክተሩ ይህ ነው» የሚል አንጀት አልነበረውም። «ቴልስፒን ቶሚ» ሲኒማ ቤቶችን በሚያስጨበጭብበት ሰሞን ሮቢንሰን የእውነቱን ይበር ነበር፤ ካሜራው ግን ቶሚን መረጠ።

ከላይ ያለው ካሜራ አገራችንን አላያትም ማለት አይደለም። ስዊሳዊው አብራሪና ፎቶግራፍ አንሺ ዋልተር ሚትልሆልሰር በ1926 ዓ.ም. ለንጉሠ ነገሥቱ የተገዛውን ፎከር አውሮፕላን አዲስ አበባ ድረስ አብርሮ አምጥቷል። በዚያ ጉዞ የተቀረጸው «ክንፎች በኢትዮጵያ ላይ» የተባለ ፊልምም እ.ኤ.አ. በ1935 አሜሪካ ውስጥ ታየ። ሰውዬው ክፉ አልነበረም፤ የመጣው ሊያደንቅ ነው። ፊልሙም መሬት ወርዶ ሰዉን ያሳያል። ቢሆንም ታሪኩ የመጪው እንግዳ ታሪክ ነው፤ እኛ የደረሰበት አገር ነን። በዚያው ዓመት በመስከረም ሌሎች አውሮፕላኖች መጡ። እነሱ የመጡት ለማድነቅ አልነበረም።

ከአርዲቦ ሲታይ

ከደሴ ወደ ወልድያ ሲሄዱ ሠላሳ ኪሎ ሜትር ግድም ላይ የሐይቅ ከተማ ይገኛል። የሐይቅ እስጢፋኖስ ገዳም ያለበትን ትልቁን ሐይቅ የማያውቅ የለም። ከእሱ በስተ ደቡብ ምሥራቅ፣ ከፍ ብሎ በተራሮች መካከል የተቀመጠው አርዲቦ ግን ከወሎ ውጭ ስሙ እምብዛም አይነሣም። ሁለቱ መንትያ ናቸው፤ ላይኛው ሲሞላ ትርፉን ወደ ታችኛው ያወርዳል። በአካባቢው ያለው የአምባሰል አገር ከአራቱ ቅኝቶቻችን ለአንዱ ስሙን የሰጠ ነው። እንግዲህ ይህን ፊልም ከዚህ ሐይቅ ዳር ቆመን እንየው የምለው ያለ ምክንያት አይደለም። ደሴን ፈልጎ ለሚመጣ አብራሪ በዚያ የተራራ ጫካ መካከል ሁለት ሐይቅ ጎን ለጎን ሲያበራ ከማየት የበለጠ ምን ምልክት አለው? ከታች ለሚኖረው ሰው ግን ሐይቁ ምልክት አይደለም፤ የከብት ውሃ፣ የዓሣ ማስገሪያ፣ የልጅነት መዋኛ ነው።

ይህ አገር በ1928 ዓ.ም. ከአውሮፕላን ጋር የተዋወቀው በሲኒማ አልነበረም። ንጉሠ ነገሥቱ የጦር ሰፈራቸውን ደሴ አድርገው ሳለ፣ ኅዳር 26 ቀን የጣሊያን ቦምብ ጣዮች ከተማዋን ደበደቡ። ቀይ መስቀል የተሳለበት የአሜሪካኖች ሆስፒታል ሳይቀር ተመታ። የውጭ ጋዜጠኞችና ካሜራ ያዦች በቦታው ስለነበሩ ወሬው ዓለምን አዳረሰ፤ ንጉሠ ነገሥቱ ራሳቸው በአየር መቃወሚያ መሣሪያ ላይ ሆነው የሚታዩበት የታወቀው ፎቶግራፍም የደሴ ነው። በመጋቢት መጨረሻ ከማይጨው የተመለሰው ጦር አሸንጌ ሐይቅ ዳር ሲደርስ ከሰማይ ቦምብና መርዝ ወረደበት። ሚያዝያ 7 ቀን ደሴ ተያዘች።

እስቲ ያን ሰሞን አርዲቦ ዳር ከብት የሚያግድ አንድ የአሥር ዓመት ልጅ ነበር እንበል። በመጀመሪያ ድምፅ ይሰማል፤ ከየት እንደሚመጣ አያውቅም። ቀጥሎ ከብቶቹ ይበረግጋሉ። ቀጥሎ ተራራው ላይ የሚሮጥ ጥላ ያያል። ነገሩን የሚያየው በመጨረሻ ነው። ይህ ልጅ ስለ አብራሪው ምንም አያውቅም፤ አብራሪውም ስለ እሱ ምንም አያውቅም። በዚህ እኩል ናቸው። የማይተካከሉት ከሁለቱ አንዱ ቦምብ፣ አንዱ ካሜራ የያዘ በመሆኑ ነው፤ ሁለቱንም የያዘው ደግሞ ያው አንዱ ነው።

ፊልሙ

«ሉቺያኖ ሴራ፣ አብራሪ»ን ያዘጋጀው ጎፍሬዶ አሌሳንድሪኒ ነው። የበላይ ተቆጣጣሪው የአምባገነኑ ልጅ ቪቶሪዮ ሙሶሊኒ ነበር። ከጽሑፉ ደራሲዎች አንዱ በኋላ ዓለም ያደነቀው ሮቤርቶ ሮሴሊኒ ነው። ዋናውን ገጸ ባሕርይ የተጫወተው አሜዴዮ ናዛሪ በዚህ ፊልም የጣሊያን ሲኒማ ታላቅ ኮከብ ሆነ። የቀረጻው ከፊሉ የተከናወነው በተያዘችው ኢትዮጵያ ነው። እ.ኤ.አ. በ1938 በቬኒስ የፊልም በዓል ለምርጥ የጣሊያን ፊልም የሚሰጠውን የሙሶሊኒ ዋንጫ አግኝቷል፤ ለምርጥ የውጭ ፊልም የተሰጠውን የወሰደው በናዚ ጀርመን የተሠራው «ኦሊምፒያ» ነበር። ጎረቤቱ ማን እንደነበር ማወቁ ይጠቅማል።

ታሪኩ በአጭሩ ይህ ነው። ሉቺያኖ ሴራ በመጀመሪያው የዓለም ጦርነት የበረረ ወታደር ነው። ጦርነቱ ሲያልቅ ሥራ የለውም። ማጆሬ በሚባለው የሰሜን ጣሊያን ሐይቅ ላይ፣ ውሃ ላይ በሚያርፍ አሮጌ አውሮፕላን አገር ጎብኚዎችን እያንሸራሸረ ይኖራል። ሚስቱ ድህነቱ ሲመራት ልጃቸውን አልዶን ይዛ ወደ ሀብታም አባቷ ቤት ትሄዳለች። እሱም ወደ አሜሪካ ይሰደዳል፤ በዚያ በአየር ላይ ትርዒት ስም ያወጣል። ብቻውን ውቅያኖሱን አቋርጦ ወደ አገሩ ለመብረር ሲሞክር ደብዛው ይጠፋል፤ ሞተ ተብሎ ይለቀስለታል። ልጁ አድጎ የአየር ኃይል አብራሪ ይሆናል። የኢትዮጵያ ጦርነት ሲነሣ አባትየው ስሙን ለውጦ በበጎ ፈቃድ ይዘምታል። እነሱን የጫነው ባቡር በኢትዮጵያውያን ይከበባል። ለእርዳታ የመጣው አውሮፕላን ተመትቶ ይወድቃል፤ ውስጡ ያለው ቁስለኛ አልዶ ነው። አባት በጥይት መካከል ደርሶ፣ ልጁን ይዞ አውሮፕላኑን አስነሥቶ ያደርሰዋል። ራሱ ግን ቆስሏልና ይሞታል። ሜዳሊያውን የሚቀበለው ልጁ ነው።

የተከታታይ ፊልሙን አጥንት ልብ ይሏል? የጠፋ አባት አለ፤ ሞተ የተባለ ሰው አልሞተም፤ የሐሰት ስም አለ፤ የተከበበ ባቡር አለ፤ በመጨረሻዋ ደቂቃ የሚነሣ አውሮፕላን አለ። እያንዳንዱን ቆርጦ «ይቀጥላል» ብሎ ማቆም ይቻላል። ልዩነቱ አንድ ነው፤ እዚህ አክተሩ ይሞታል። የፊልሙ ተንኮል ያለውም እዚያ ላይ ነው።

አሜሪካዊው ነጋዴ አክተሩን የማይገድለው ለመጪው ሳምንት ትኬት ሲል ነው አልን። የፋሺስቱ ፊልም ግን የሚሸጠው ትኬት ብቻ አይደለም፤ ተተኪ ልጅ ነው። አባት ይሞታል፣ ልጅ ሜዳሊያውን ደረቱ ላይ ያደርጋል፣ አዳራሹ ውስጥ የተቀመጠውም ወጣት ያንን ደረት ይመኛል። «ይቀጥላል» የሚለው ቃል ሸራው ላይ ባይጻፍም ተጽፏል። ቀጣዩ ክፍል ሁለት ዓመት ቆይቶ፣ እ.ኤ.አ. በ1940 ጣሊያን ወደ ዓለም ጦርነት ስትገባ ታየ። በዚያኛው ክፍል ዘሎ የወረደ አክተር አልነበረም። የቪቶሪዮ ታናሽ ወንድም ብሩኖ እንኳ በ1941 አዲስ አውሮፕላን ሲሞክር ተከስክሶ ሞቷል።

መልካም መሠራቱ ነው ጉዱ

የጠላት ፊልም ነውና ተራ ነገር ነው ብሎ ማለፍ ቀላል ነበር። ሐቁ ግን እንደዚያ አይደለም። የፊልሙ የመጀመሪያ አጋማሽ ጥሩ ነው። አንድ ሙያ ብቻ የሚያውቅ፣ አገሩ ግን ያን ሙያ የማትፈልግበት ሰው ውርደት በናዛሪ ፊት ላይ ያለ ብዙ ንግግር ይነበባል። ስለ ፋሺዝም ስብከት የለም፤ ስለ ዱቼ መዝሙር የለም። ከግንባር ተመልሶ ሥራ ያጣ ወታደር ለኛ ምን አዲስ ነገር ነው? በ1983 ዓ.ም. የተበተነውን ሠራዊት ያየ፣ የትናንቱን መቶ አለቃ በየመንገዱ ሎተሪ ሲያዞር ያገኘ ኢትዮጵያዊ ተመልካች ሉቺያኖ ሴራን ሳይወድ በግድ ያዝንለታል።

የሚያስፈራውም ይኸው ነው። አንድ ሰዓት ሙሉ አብረነው አዝነን፣ ከሚስቱ ጋር ተጣልተን፣ ከልጁ ተለይተን፣ ውቅያኖስ ላይ ጠፍተን እንቆይና፣ አፍሪቃ ሲደርስ ከሱ ጎን ተቀምጠን እንገኛለን። ከላይ ሆነን ወደ ታች እናያለን። ታች ያለነው ደግሞ እኛው ነን። ባቡሩን የከበቡት ሰዎች ከየት መጡ? ለምን መጡ? የማን ልጆች ናቸው? ፊልሙ አይጠይቅም። ተመልካች ከሲኒማ ቤቱ ሲወጣ ስሙን የሚያስታውሰው ኢትዮጵያዊ ገጸ ባሕርይ የለም። አቧራ ይነሣል፣ ተኩስ ይሰማል፣ ሰው ይወድቃል፤ የሚለቀስለት ግን አንድ ብቻ ነው። ወራሪው ባዘነ፣ ተወራሪው አደጋ ሆነ። ዝናብና ማዕበል በሰማይ ጀብዱ ፊልም ውስጥ ያላቸው ቦታ ለኛ ተሰጠን።

ስለ አባትና ልጅ ፊልም መሥራት የሚፈልግ ሰው በዚያው ጦርነት ውስጥ ታሪክ አላጣም ነበር። የሰሜኑን ጦር ከመሩት አንዱ የነበሩት ራስ ካሣ ኃይሉ ወደ ስደት ሲሄዱ ሦስት ልጆቻቸው አገር ቤት ቀርተው ጠላትን ተዋጉ። ደጃዝማች ወንድወሰን፣ ደጃዝማች አበራና ደጃዝማች አስፋወሰን በ1929 ዓ.ም. ታኅሣሥ ወር ውስጥ ሦስቱም ተገደሉ፤ ኋለኞቹ ሁለቱ የጣሊያኖችን ቃል አምነው ፍቼ ላይ እጃቸውን ከሰጡ በኋላ። ልጁን በጥይት መካከል አውጥቶ የሚያደርስ አውሮፕላን ለእኒያ አባት አልነበራቸውም። ፊልሙ ቬኒስ ላይ ዋንጫ ሲቀበል ይህ ከሆነ ሁለት ዓመት እንኳ አልሞላውም።

የፊልሙን ዓይን ምንነት ለመረዳት የተቆጣጣሪውን ሕይወት ማየት ይበቃል። ቪቶሪዮ ሙሶሊኒ በ19 ዓመቱ ኢትዮጵያ ላይ ቦምብ የጣለ አብራሪ ነው። በ1937 እ.ኤ.አ. ስለ በረራው መጽሐፍ አሳተመ፤ በርዕሱ ላይ ያለው «አምባ» የሚለው ቃል ከኛው የተወሰደ ነው፤ የአምባሰል አምባ ማለት ነው። በመጽሐፉ ቦምብ የወደቀባቸውን ፈረሰኞች መበታተን ከአበባ መፈንዳት ጋር አመሳስሎ፣ ደስ የሚል ጨዋታ አድርጎ ጽፎታል። በዚያው ዓመት ሆሊውድ ሄዶ ከአዘጋጁ ከሃል ሮች ጋር የፊልም ኩባንያ ሊያቋቁም ተስማማ፤ የተቃውሞ ድምፅ ስለበረታ ነገሩ ፈረሰ። እንግዲህ ፍንዳታን አበባ አድርጎ የሚያይ ዓይን እንዴት ሊያየው ቻለ ብንል፣ መልሱ ከርቀቱ ነው። ከዚያ ከፍታ ጩኸት አይሰማም። ሰማይ ላይ ያለ ካሜራ ጨካኝ መሆን አያስፈልገውም፤ መራቁ ብቻ ይበቃዋል።

«ጥበብን በጥበብነቷ እንመዝን፤ ፊልም ፊልም ነው» የሚል ወዳጅ አለኝ። አከብረዋለሁ፤ ነገር ግን በዚህ ጉዳይ አልተቀበልኩትም። ጥበብን በጥበብነቷ ብንመዝናትም እኮ ይህ ፊልም ይጎድላል። ሁለተኛው አጋማሽ ከመጀመሪያው የሚያንሰው በፖለቲካው ብቻ አይደለም፤ በሙያውም ነው። የመጀመሪያው አጋማሽ ሰዎች አሉት፤ ሁለተኛው አንድ ቤተሰብና ብዙ ጥላ ብቻ ነው። ባላጋራ የሌለው ትግል ድራማ አይሆንም፤ ዒላማ ልምምድ ይሆናል። ዋሽቶ መልካም ድራማ መሥራት የሚከብደው ለዚህ ነው፤ ውሸቱ የገባበት ቦታ ገጸ ባሕርይ አልባ ሆኖ ይቀራል።

ካሜራው መሬት ሲወርድ

ነገሩን ይበልጥ ግልጽ የሚያደርገው የሮሴሊኒ የኋላ ጉዞ ነው። እ.ኤ.አ. በ1942 ራሱ ያዘጋጀው «አብራሪው ተመለሰ» የተባለ ፊልም አለ፤ የታሪኩ ባለቤት ያው ቪቶሪዮ ሙሶሊኒ ነው። በዚህኛው ፊልም ግሪክን የሚደበድበው ወጣት አብራሪ ተመትቶ ይወርዳል፤ ይማረካል፤ ከስደተኞችና ከቁስለኞች ጋር እየተጎተተ ከላይ ይጥለው የነበረው ነገር ከታች ምን እንደሚመስል ያያል። ፊልሙ አሁንም የፋሺስት ዘመን ፊልም ነው፤ አብራሪውም በመጨረሻ አውሮፕላን ሰርቆ ያመልጣል። ቢሆንም ካሜራው ለመጀመሪያ ጊዜ ዝቅ አለ። በ1943 ሮም ራሷ ተደበደበች። በ1945 ሮሴሊኒ «ሮም፣ ክፍት ከተማ»ን ሠራ። በዚያ ፊልም አውሮፕላን የሚያብረቀርቅበት ጀብዱ የለም፤ መንገድ ላይ የምትሮጥ ሴት፣ የሚረሸን ቄስ፣ ከጥግ ቆመው የሚያዩ ሕፃናት ናቸው ያሉት። ዓለም ያን ጊዜ ጣሊያን ሲኒማን አዲስ አደረገች አለ፤ ልክ ነበር።

የጣሊያን ካሜራ ግሪክ ላይ ወረደ፣ ሮም ላይ ወረደ። አርዲቦ ላይ፣ አሸንጌ ላይ ግን አልወረደም። የጣሊያን መከላከያ ሚኒስቴር የመርዝ ጋዙን ነገር በይፋ ያመነው በ1988 ዓ.ም. ነው፤ ስድሳ ዓመት ቆይቶ። ንጉሠ ነገሥቱ ሰኔ 23 ቀን 1928 ዓ.ም. ጄኔቫ ላይ አውሮፕላኖቹ በተከታታይ እየበረሩ በሰዉና በከብቱ፣ በወንዙና በሐይቁ፣ በግጦሹም ላይ መርዝ እንዴት እንዳርከፈከፉ ሲናገሩ፣ ከአዳራሹ ያፏጩባቸው የጣሊያን ጋዜጠኞች ነበሩ። ያ ንግግር የሚታወሰው በፖለቲካው ነው። እኔ ግን እንደ ፊልም ጽሑፍም አነበዋለሁ። የዚያን ጦርነት ሰማይ በዓለም ፊት ከታች ወደ ላይ ያየ ታላቅ ትረካ እሱ ነውና።

እኛስ?

እነሱን መውቀስ ቀላሉ ሥራ ነው። ከበድ የሚለው ጥያቄ የራሳችን ነው። ከታች ሆኖ የሚያይ ካሜራ ያኔም ፈጽሞ አልጠፋም ነበር፤ ሶቪየታውያኑ ቦሪስ ፀይትሊንና ቭላዲሚር ዬሹሪን ጦርነቱን በኢትዮጵያ ወገን ሆነው ቀርጸው «አቢሲኒያ» የተባለ ፊልም አውጥተዋል። ኃይሌ ገሪማ እ.ኤ.አ. በ1999 ባወጣው «አድዋ» ሽማግሌ ጠይቆ፣ ሥዕልና ዜማ ሰብስቦ ታላቅ ፊልም መሥራት እንደሚቻል አሳይቶናል። በመዓዛ መንግሥቴ «ዘ ሻዶው ኪንግ» ልብ ወለድ ውስጥም የጣሊያን ካሜራ ራሱ ተከሳሽ ሆኖ ቀርቧል። ስለዚህ መንገዱ አልተዘጋም። ግን ከማይጨው እስከ ደሴ ያለው ሕዝብ በዚያ ዓመት ሰማዩን እንዴት እንዳየው የሚተርክ የራሳችን ታላቅ የልብ ወለድ ፊልም አሁንም እንጠብቃለን።

ይህን ስል የተገለበጠ «ሉቺያኖ ሴራ» ይሠራልን ማለቴ አይደለም። የኛ አክተር በአንድ ምንሽር አሥር አውሮፕላን ሲያወርድ የሚያሳይ ፊልም አዳራሹን ያስጨበጭብ ይሆናል፤ ነገር ግን ያው ሕግ ነው፤ «አክተሩ አይሞትም»። የሞቱትን ሁለተኛ ጊዜ ይቀብራቸዋል። ፊልሙንም እንከልክለው፣ እንደብቀው አልልም። በተቃራኒው፣ በፊልም ትምህርት ቤቶቻችንና በባህል ማዕከሎቻችን ታይቶ፣ ቆም እየተደረገ፣ «ይህ ጥይት የተተኮሰው ከማን እጅ ነው? ያ ሰውዬ ስሙ ማን ይባላል?» እየተባለ ውይይት ቢካሄድበት እወዳለሁ። የወጣቱ ፊልም ሠሪ ዓይን የሚገራው በአድናቆት ብቻ አይደለም፤ በሙግትም ጭምር ነው።

ጉዳዩ የታሪክ ብቻ ቢሆን ኖሮ ይህን ያህል ባልጻፍኩ። የዛሬ ልጅ ከላይ የተቀረጸ ሥዕል ከሕፃንነቱ ጀምሮ ለምዶታል፤ በጨዋታውም፣ በዜናውም፣ በሠርግ ቪዲዮውም ሳይቀር። በዘመናችን አብራሪ የሌለው አውሮፕላን መጥቷል፤ በገዛ አገራችንም ድምፁን ሰምቶ በፍርሃት ቀና የሚል ሰው አለ። ከሉቺያኖ ሴራ ይልቅ የሩቁ ዓይን ዛሬ ይበልጥ ርቋል፤ የሚያዝኑለት አብራሪ እንኳ የለበትም። ከታች ያለውን ሰው ስምና ፊት ሰጥቶ የማሳየት ሥራ ለሲኒማ ከበፊቱ ይልቅ ግዴታ ሆኖበታል።

በ1928 ዓ.ም. የአሥር ዓመት ልጅ የነበረ ሰው ዛሬ ዕድሜው መቶ ዓመት ገደማ ነው። የዓይን ምስክር የሚባለው ጊዜ አልፎ ሊያልቅ ነው፤ የቀሩት ከአባትና ከእናታቸው የሰሙ ልጆች ናቸው። እነሱም እያረጁ ነው። ደሴ፣ ሐይቅ፣ ተሁለደሬና አምባሰል ላይ ቴፕ ይዞ የሚዞር፣ ሽማግሌና አሮጊት የሚያናግር ሰው ያስፈልጋል፤ ሥራው ዛሬ ካልተጀመረ ነገ አይደርስም። ወጪው ብዙ ነው የሚለኝ ሰው አይጠፋም። ጣሊያኖች ያን ፊልም ለመሥራት አየር ኃይል፣ ባቡርና የተያዘ አገር አስፈልጓቸው ነበር። ከአርዲቦ ዳር ለሚሠራው ፊልም ግን አንድም አውሮፕላን መከራየት አያስፈልግም። ሩቅ የሚሰማ ድምፅ፣ የበረገጉ ከብቶች፣ ቀና ያለ የአንድ ልጅ ፊት፤ ለመጀመሪያው ክፍል ይህ ይበቃል።